የምታንሾካሹከዋ ሴትዮ፦ የሴቶች ጎልፍ ኮሜንታተር ሥራዋ ምንድን ነው?

ሐምሌ 6 ቀን 2017 ዓ.ም.፣ እሁድ ከሰዓት። ስታዲየም አካባቢ ካሉት ካፌዎች በአንዱ ዝናቡ እስኪያባራ ተቀምጫለሁ። ማታ የክለቦች ዓለም ዋንጫ ፍጻሜ፣ ቼልሲ ከፒኤስጂ፣ ስላለ ቴሌቪዥኑ ከቀን ጀምሮ ስፖርት ቻናል ላይ ነው፤ ሰው ግን ገና አልመጣም። ስክሪኑ ላይ ቁልቁል የሚወርድ አረንጓዴ ሜዳ፣ ከሥሩ ደግሞ ሐይቅ ይታያል። ቦታው ፈረንሳይ ውስጥ ያለችው ኤቪያን ናት። በሴቶች ጎልፍ ከአምስቱ ታላላቅ ውድድሮች አንዱ የመጨረሻ ቀኑን ይዟል።

አጠገቤ ስታዲየምን ከልጅነታቸው ጀምሮ የሚያውቁ አንድ ሽማግሌ ተቀምጠዋል። ማኪያቶአቸውን አስቀምጠው ወደ እኔ ዞሩ። «ልጄ፣ ይቺ ሴትዮ ምን ሆና ነው የምታንሾካሹከው? የታመመ ሰው አለ እንዴ?»

በሬዲዮ ስፖርት ስሠራ ዓመታት ተቆጥረዋል፤ እንጀራዬ እግር ኳስና አትሌቲክስ ነው። ጎልፍን የተማርኩት በራሴ ጊዜ፣ ሌሊት እየተነሣሁ ነው። ጥያቄያቸው ቀላል መስሎኝ ነበር፤ መልሱ ግን በአንድ ማኪያቶ አላለቀም። እዚህ የምጽፈውም ያንኑ ነው፤ የሴቶች ፕሮፌሽናል ጎልፍን የምታስተላልፍ ጋዜጠኛ ምን እንደምትሠራ፣ እዚያ እንዴት እንደደረሰች፣ ሥራው ከለመድነው ኮሜንታሪ በምን እንደሚለይ። ከዚህ በኋላ የምጠቅሳቸው ዓመታት በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

የምታንሾካሹከው ሴት ስቱዲዮ ውስጥ አይደለችም፤ ሜዳው ውስጥ ናት። ወገቧ ላይ ማሰራጫ አስራ፣ ጆሮዋ ላይ ማዳመጫ፣ አፏ ጋ ማይክ አድርጋ ከተጫዋቾቹ ጋር አብራ ትጓዛለች። ተጫዋቿ ኳሱን ልትመታ ስትዘጋጅ እሷ በጥቂት ሜትሮች ርቀት ላይ ቆማለች። ስታዲየም ውስጥ 30 ሺህ ሰው ቢጮህ አጥቂው ግድ የለውም፣ ጩኸቱን ለምዶታል። ጎልፍ ውስጥ የተለመደው ዝምታው ነው። ዱላው ወደ ኋላ ወጥቶ ተመልሶ ኳሱን እስኪመታ ሁለት ሰከንድ እንኳ አይሞላም፤ በዚያች ቅጽበት አንድ ሰው ቢያስል ኳሱ ሐይቅ ሊገባ ይችላል።

«እንደ ፈተና ክፍል ነው በይኛ» አሉ ጋሼ።

ልክ ናቸው፣ ደግሞም ከጠረጠሩት በላይ ልክ ናቸው። ፈተና ክፍል ውስጥ መኮራረጅ እንደሚከለከለው ሁሉ ጎልፍ ውስጥም አንዷ ተጫዋች ተፎካካሪዋን «በየትኛው ዱላ ነው የመታሽው?» ብላ መጠየቅ አትችልም፤ ከጠየቀች ሁለት ምት ቅጣት ይጨመርባታል። ምክንያቱም ርቀቱንና ነፋሱን መዝኖ ዱላ መምረጥ ራሱ የጨዋታው ግማሽ ነው። ጋዜጠኛዋ ግን ዱላውን ማወቅ አለባት፣ ለተመልካች ልትናገር። ስለዚህ የምታውቀውን ነገር ለሚሊዮኖች ትናገራለች፣ አሥር እርምጃ ርቃ የቆመችው ተጫዋች ግን እንዳትሰማት ትጠነቀቃለች።

ዱላውን እንዴት እንደምታውቅ ላሳያችሁ፤ ይህን ካወቅኩ በኋላ ጎልፍ ሳይ ዓይኔ ሁልጊዜ የሚሄደው ወደዚያ ነው። ተጫዋቿ አጠገብ ቦርሳ ተሸካሚዋ፣ ካዲ የሚባለው ሰው አለ። ዱላው ከቦርሳው ሲወጣ ካዲው ወደ ጋዜጠኛዋ ሳይዞር እጁን ጎኑ ላይ አድርጎ ጣቶቹን ይዘረጋል። ምልክቱ ሰባት ከሆነ ሰባት ቁጥር የሚባለው የብረት ዱላ ማለት ነው። ካሜራው አብዛኛውን ጊዜ ይህን አይቀርጸውም። ከዚያ «ሰባት ቁጥር ይዛለች፣ ነፋሱ ከግራ ነው» የሚል ሹክሹክታ ይመጣል። ካዲ ለማንም እንዲህ ጣቱን አይዘረጋም። ጋዜጠኛዋ ስንት ሳምንት አብራቸው በዝናብና በፀሐይ እንደተጓዘች፣ የሰሙትን ሁሉ እንደማታወጣ ያውቃሉ።

ዱላውን ማወቅ መጀመሪያው ነው። ኳሱ አጭር ሣር ላይ ነው ወይስ ረጅሙ ውስጥ ተቀብሯል? መሬቱ ወዴት ያዘነብላል? ኤቪያን ተራራ ጥግ ላይ ስለሆነች እዚያ የቆመ ሰው ዓይኑ ይታለላል፤ ካሜራ ደግሞ ዳገትን ሜዳ ያስመስላል። ለዚህ ነው በእግሩ የሚሄድ ሰው የሚያስፈልገው። ተመልካቹ 140 ሜትር ብቻ ያያል፤ እሷ ግን ቁልቁለት ስለሆነ 130 እንደሚበቃ ትነግረዋለች። አዲስ አበባ ቢሆን ሌላ ሒሳብ ይጨመራል። ከተማችን ከባሕር ጠለል በላይ ከ2,300 ሜትር በላይ ስለሆነች አየሩ ስስ ነው፣ ኳስ ይርቃል። ኦልድ ኤርፖርት አካባቢ ባለው የጎልፍ ሜዳ የሚጫወት ሰው ያን ዱላውን ይዞ ባሕር ዳርቻ ፍሎሪዳ ቢሄድ ኳሱ የት ቀረ ብሎ ይደነግጣል። ሯጮቻችን ከፍታን በሳንባቸው እንደሚያውቁት የጎልፍ ተጫዋቾች በዱላቸው ያውቁታል።

«ጎሉ ስንት ለስንት ነው?» ጋሼ ጠየቁ።

ስክሪኑ ላይ ከስሞቹ አጠገብ ከዜሮ በታች የሆኑ ቁጥሮች ተደርድረዋል። ሜዳው 18 ጉድጓድ አለው። እያንዳንዱ ጉድጓድ በስንት ምት ማለቅ እንዳለበት የተተመነለት ቁጥር ፓር ይባላል። በአንድ ምት ካሳነሱ በርዲ፣ በሁለት ካሳነሱ ኢግል፣ በአንድ ካበዙ ቦጊ። ጨዋታው አራት ቀን ነው፤ ከሁለተኛው ቀን በኋላ ወደ ግማሽ ያህሉ ይሰናበታሉ። ከዜሮ በታች ያለው ቁጥር ተጫዋቿ ከፓሩ ስንት ምት እንዳሳነሰች ነው፤ በመጨረሻ ትንሽ ምት ያላት ታሸንፋለች። «እንደ ዕዳ ነው ጋሼ፣ ሲያንስ ነው ደስ የሚለው» አልኳቸው፤ ከዚያ በኋላ ቁጥሩን ራሳቸው ያነቡ ጀመር።

አሁን ወደ ከባዱ ነገር እንምጣ። እግር ኳስ አንድ ኳስ አለው፤ ኮሜንታተር ያንን ኳስ ከተከተለ ሥራው ግማሹ አለቀለት። ጎልፍ ውስጥ በመጀመሪያዎቹ ሁለት ቀናት ከ100 በላይ ተጫዋቾች አሉ፤ ሁለት ሁለትና ሦስት ሦስት ሆነው አሥራ ስምንቱ ጉድጓድ ላይ ተበትነዋል። በአንድ ደቂቃ ውስጥ አንዷ ትጀምራለች፣ አንዷ አሸዋ ውስጥ ገብታለች፣ አንዷ ለመሪነት ልትመታ ጎንበስ ብላለች። ታሪኩ የቱ ጋ ነው? መርካቶ ውስጥ በሃያ ሱቅ በአንድ ጊዜ የሚካሄደውን ድርድር ሁሉ፣ ዋናውን ስምምነት ሳያመልጥህ፣ ለአንድ ሰው ንገረው እንደማለት ነው።

ይህን አንድ ሰው አይችለውም። ስለዚህ ስርጭቱ የብዙ ድምፆች ሥራ ነው። የመጨረሻው ጉድጓድ አጠገብ ባለ ክፍል ውስጥ መሪው ተናጋሪ ይቀመጣል፤ ወዴት እንደምንሄድ፣ ማን ስንት እንደሆነች እሱ ይናገራል። አጠገቡ ተንታኟ ትሆናለች፤ ብዙ ጊዜ የቀድሞ ተጫዋች ናት፣ «ለምን?» የሚለውን የምትመልሰው እሷ ናት። ሜዳው ውስጥ ደግሞ ሁለት ወይም ሦስት በእግር የሚሄዱ አሉ። ከሁሉም ጀርባ፣ ስክሪን በተደረደረበት መኪና ውስጥ ፕሮዲውሰሩ ተቀምጧል። ድምፁን እኛ አንሰማም፣ እነሱ ጆሮ ውስጥ ግን ያለማቋረጥ አለ። ተናጋሪዋ አንድ ዓረፍተ ነገር እየጨረሰች «ቀጥሎ 14፣ ለበርዲ» የሚል ትሰማለች፤ የጀመረችውን ሳታደናቅፍ ዘግታ፣ ተመልካቹን ይዛ 14ኛው ጉድጓድ ጋ መድረስ አለባት። ጆሮዋ አንድ ነገር ይሰማል፣ አፏ ሌላ ይናገራል። እኔ በሬዲዮ በጆሮዬ አንድ ቃል ሲገባብኝ ስንት ጊዜ የሰው ስም ረስቻለሁ፤ እነሱ ይህን ለአምስት ሰዓት ያደርጉታል።

ብዙ የምናያቸው ምቶች ደግሞ ከደቂቃ በፊት የተቀረጹ ናቸው፤ ካሜራው ሌላ ቦታ በነበረበት ሰዓት የሆኑ። ጥሩ ተናጋሪ «ይህ ከጥቂት ደቂቃ በፊት ነው» ይላል። ትንሽ ቃል ናት፣ ግን ተመልካቹን ማክበር ነው፤ ያለፈውን አሁን ነው ብሎ ማስጮህ ማታለል ነውና።

ወደዚህ ሥራ የሚመጡት አብዛኞቹ ሴቶች የቀድሞ ተጫዋቾች ናቸው። ይህ አዲስ ነገር አይደለም። የሴቶቹን ፕሮፌሽናል ማኅበር፣ ኤልፒጂኤን፣ በ1950 የመሠረቱት 13 ሴቶች ነበሩ። ከእነሱ አንዷ ቤብ ዛሃሪያስ በ1932 የሎስ አንጀለስ ኦሎምፒክ በመሰናክል ሩጫና በጦር ውርወራ ወርቅ ያገኘች አትሌት ናት። ያኔ ስለ ሴቶች ጎልፍ የሚናገር ጋዜጠኛ እንደ ልብ ስላልነበረ ራሳቸው ተናገሩ። ከውድድሩ በፊት ቤዝቦልና ቦክስ ወዳለበት ቦታ እየሄዱ፣ ኳስ እየመቱ እያሳዩ፣ «ነገ ኑና እዩን» ይሉ ነበር። ከመሥራቾቹ አንዷ ማርሊን ስሚዝ ኋላ በወንዶች ውድድር የቴሌቪዥን ስርጭት ላይ ከሠሩ ቀደምት ሴቶች አንዷ ሆናለች። የመጀመሪያዋ አስተላላፊ ተጫዋቿ ራሷ ነበረች ማለት ነው።

የሚናገርላት ሰው ያጣች ሴት ምን እንደምትሆን የማርጋሬት አቦት ታሪክ ይነግረናል። በ1900 ፓሪስ ውስጥ የጎልፍ ውድድር ገብታ አሸነፈች። ውድድሩ የኦሎምፒክ አካል እንደነበር ግን ማንም አልነገራትም፤ በ1955 ስትሞትም የኦሎምፒክ ሻምፒዮን መሆኗን ሳታውቅ ነው። ይህን ለጋሼ ስነግራቸው ስኒውን ከአፋቸው መለሱት። እሳቸው የደራርቱን የ1992 የባርሴሎና ድል፣ የት ቦታ ቆመው እንደሰሙት ሳይቀር የሚያስታውሱ ሰው ናቸው።

የዚህን ሙያ መንገድ ለማየት ከሁሉም ይልቅ የጁዲ ራንኪንን ሕይወት መከተል ይሻላል። በ17 ዓመቷ፣ በ1962፣ ፕሮፌሽናል ሆነች። 26 ውድድር አሸነፈች። በ1976 በአንድ የውድድር ዓመት ከ100,000 ዶላር በላይ ያገኘች የመጀመሪያዋ የኤልፒጂኤ ተጫዋች ሆነች። ከዚያ ጀርባዋ አልታዘዝ አላት፤ ገና ሠላሳዎቹ ውስጥ እያለች መጫወት አቆመች። በ1984 ኤቢሲ በተባለው የአሜሪካ ቴሌቪዥን ማይክ ይዛ ሜዳ ውስጥ መሄድ ጀመረች። የወንዶችንም የሴቶችንም ትልልቅ ውድድሮች እየዘገበች ከ35 ዓመት በላይ ቆይታ በ2022 ተሰናበተች፤ የመጨረሻ ሥራዋ ስኮትላንድ ሙርፊልድ ላይ የተካሄደው የብሪታኒያ የሴቶች ኦፕን ነበር። በመሃሉ አሜሪካና አውሮፓ በሚገናኙበት የሴቶች ውድድር፣ በሶልሃይም ካፕ፣ በ1996ና በ1998 የአሜሪካ ካፒቴን ሆና ሁለቱንም አሸንፋለች።

ድምፅዋን የሚያውቅ ሰው አንድ ነገር ያስተውላል። አትጮህም። ተጫዋች ስታጠፋ ምን እንዳጠፋች በትክክል ትናገራለች፣ ግን አታዋርዳትም። እዚያው ቦታ እንዳለፈች ታውቃለችና። ከእሷ በኋላ የመጡት ብዙዎቹ የዚህን መንገድ ዱካ ይዘዋል። ኬይ ኮክሪል ጎልፍ ቻናል በ1995 ሲከፈት ጀምሮ ሠርታለች። ካረን ስታፕልስ የ2004ን የብሪታኒያ ኦፕን ያሸነፈች ናት። ሞርጋን ፕሬሰል በ2007 ገና በ18 ዓመቷ ታላቅ ውድድር ያሸነፈች ናት። ሁሉም መጀመሪያ ዱላ የጨበጡ ናቸው።

መጫወት ብቻ ግን አይበቃም፤ ይህን አጥብቄ የምለው እዚህ አገርም «ተጫዋች ከነበረ ኮሜንታተር ይሆናል» የሚል አስተሳሰብ ስላለ ነው። ተጫዋች የሚያውቀውን በእጁ ነው የሚያውቀው። እጅ የሚያውቀውን ለማያውቅ ሰው በአንድ ትንፋሽ መናገር ሌላ ትምህርት ይፈልጋል። የጎልፍ ጋዜጠኛ ውድድሩ ሐሙስ ከመጀመሩ በፊት ማክሰኞና ረቡዕ ሜዳውን በእግሯ ትዞራለች። ግሪን በሚባለው፣ ጉድጓዱ ባለበትና ኳስ በሚንከባለልበት አጭር ሣር ላይ ቁልቁለቱን በእግሯ ትለካለች፣ ኳስ በእጇ አንከባላ ወዴት እንደሚያዘነብል ትጽፋለች። ከካዲዎች ጋር ቡና ትጠጣለች። ማን አሠልጣኝ እንደቀየረች፣ ማን እናቷ ታመውባት እንደመጣች ታውቃለች፣ ከዚያም የትኛው እንደሚነገርና የትኛው እንደማይነገር ትወስናለች።

ስም ደግሞ ራሱን የቻለ ትምህርት ነው። ከኮሪያ፣ ከታይላንድ፣ ከጃፓን፣ ከስዊድን የመጡ ናቸው። በ1998 የኮሪያዋ ፓክ ሴ ሪ የአሜሪካን ኦፕን ስታሸንፍ፣ ጫማና ካልሲዋን አውልቃ ኩሬ ውስጥ ገብታ የመታችውን ያየች የኮሪያ ልጅ ሁሉ ዱላ አነሣች ይባላል፤ ዛሬ ዝርዝሩ ላይ ኪምና ሊ የበዙት ከዚያ ትውልድ ነው። በ2019 ያንኑ ውድድር ያሸነፈችው ተጫዋች ስሟ ሊ ጆንግ ኡን 6 ነው፤ አዎ፣ ቁጥሩ የስሟ አካል ነው። በኮሪያ ማኅበር ውስጥ በዚህ ስም ስድስተኛዋ ስለሆነች ነው። እኛ ደራርቱ፣ ጥሩነሽ እያልን በራሷ ስም መጥራት የለመድን ሰዎች እዚህ ላይ ብልጫ አለን። ኔሊ ኮርዳና እህቷ ጄሲካ፣ አሪያ ጁታኑጋርንና እህቷ ሞሪያ በአንድ ሜዳ ሲጫወቱ የቤተሰብ ስም ብቻ የሚጠራ ሰው ግራ ይጋባል።

ማይክ ዕዳም አለው። ዶቲ ፔፐር 17 ውድድር ያሸነፈች፣ በሶልሃይም ካፕ ለአሜሪካ በእልህ የተጫወተች ናት። በ2007 ያንኑ ውድድር ከስዊድን ስታስተላልፍ ማስታወቂያ የገባ መስሏት ስለ ቀድሞ ቡድኗ የተናገረችው ክፉ ቃል በቀጥታ ወጣ። ይቅርታ ጠየቀች፣ ቂሙ ግን ለዓመታት ቆየ። በኋላ ወደ ቡድኑ በምክትል ካፒቴንነት ተመልሳለች፤ ዛሬም ከታወቁት የጎልፍ ድምፆች አንዷ ናት። ማይክ ሁልጊዜ ክፍት ነው ብሎ መኖር የዚህ ሥራ የመጀመሪያ ሕግ ነው።

ቴሌቪዥን ራሱ ጨዋታውን የቀየረበት ቀንም አለ። በ2017 ሌክሲ ቶምፕሰን ከታላላቆቹ ውድድሮች አንዱን እየመራች ነበር። ቅዳሜ ዕለት ግሪን ላይ ኳሷን አንሥታ ስትመልስ ጥቂት ሳንቲሜትር አዛንፋ አስቀምጣ ነበር። ቤቱ ተቀምጦ ያየ ተመልካች በኢሜይል አሳወቀ። እሁድ፣ ጨዋታው መሃል ላይ፣ አራት ምት ቅጣት ተጨመረባት፤ ሁለቱ ለስሕተቱ፣ ሁለቱ የተሳሳተ የውጤት ካርድ ስለፈረመች። እያለቀሰች ተጫወተች፣ እኩል ሆና ጨረሰች፣ በመለያው ግን በኮሪያዋ ዩ ሶ ዮን ተሸነፈች። ከ2018 መጀመሪያ ጀምሮ ተመልካች እየደወለ የሚያስቀጣበት አሠራር ቀረ። በዚያ ሰዓት ማይክ የያዙትን አስቡ። ስለ ምት ሲናገሩ ቆይተው ድንገት ሕግ አስረጂ መሆን ነበረባቸው፣ ያውም የምታለቅስ ሴት ስክሪኑን ሞልታ እያለች።

ገንዘቡስ? ጋሼ ይህንንም ጠየቁ፣ ደግሞ ትክክለኛ ጥያቄ ነው። ተጫዋቾቹ ደመወዝ የላቸውም። ከሁለተኛው ቀን በኋላ የተሰናበተች አብዛኛውን ጊዜ የአውሮፕላኑንና የሆቴሉን ከኪሷ ከፍላ ባዶ እጇን ትሄዳለች። ከላይ ያሉት ግን ሌላ ዘመን ላይ ናቸው። ራንኪን ዓመቱን ሙሉ ተጫውታ 100,000 ዶላር ማለፏ ታሪክ ነበር፤ በኅዳር 2024 የታይላንዷ ጂኖ ቲቲኩል ፍሎሪዳ ውስጥ አንድ ውድድር አሸንፋ 4 ሚሊዮን ዶላር ወሰደች። አስተላላፊዎቹም ብዙዎቹ በሳምንታት በሚቆጠር ውል ነው የሚሠሩት። ዓመቱን በሻንጣ ያሳልፋሉ፤ ውድድሩ ከ30 በላይ ነው፣ ከአሜሪካ እስከ እስያና አውሮፓ።

የሙያው ትልቁ ሕመም የአየር ሰዓት ነው። የወንዶቹ ጨዋታ በቀጥታ ሲተላለፍ የሴቶቹ ለረጅም ዘመን ብዙ ጊዜ ተቀርጾ ዘግይቶ ይታይ ነበር፤ ተመልካቹ ማን እንዳሸነፈች በስልኩ ካወቀ በኋላ። ካሜራውም ያንሳል። ካሜራ ሲያንስ የሚታየው ምት ያንሳል፣ ምቱ ሲያንስ ታሪኩ ይቆራረጣል፣ ከዚያ «ሴቶቹ አይታዩም» ይባልና ሰዓቱ እንደገና ይቀነሳል። አዙሪት ነው። እኔም አንድ ጊዜ፣ ስሙን በማልጠራው ጣቢያ፣ ስለ ሴቶች ጎልፍ ሦስት ደቂቃ አዘጋጅቼ ስቱዲዮ ስገባ «ሠላሳ ሰከንድ አድርጊው» ተባልኩ። ቀሪው የሄደው ለአንድ እግር ኳስ ተጫዋች የዝውውር ወሬ ነበር። ወሬው ደግሞ ውሸት ሆኖ ተገኘ። እስካሁን ያናድደኛል።

እነዚህን ውድድሮች አዲስ አበባ ተቀምጦ መከታተል እንቅልፍ ያስከፍላል። ኅዳር ላይ ፍሎሪዳ ከቀኑ 10 ሰዓት ሲሆን እዚህ እኩለ ሌሊት ነው። የአውሮፓዎቹ፣ እንደ ኤቪያን ያሉት፣ ይሻላሉ። ጨዋታው በአማርኛ ቢተላለፍስ? እግር ኳስን በአማርኛ ኮሜንታሪ በስክሪን መስማት ለምደናል፤ ለጎልፍም ስቱዲዮ ተቀምጦ ስክሪን እያዩ መናገር ይቻላል። ቃሉን ግን ማዘጋጀት ያስፈልጋል። ፓር፣ በርዲ፣ ግሪን፣ ካዲ እንዳሉ ይቀመጡ፤ ኮርነርንና ፔናሊቲን እንደተቀበልን እንቀበላቸዋለን። ለአመታቱ ግን የራሳችን ሀብት አለን። በቆልማማ ዱላ ጥንግ መምታት ለእኛ ባዕድ አይደለም፤ «በገና ጨዋታ አይቆጡም ጌታ» እያለ ያደገ ሕዝብ ነን። ጠለዘ፣ ላጋ፣ ነካ አደረገ፣ አንከባለለ፣ አሾለከ፤ አማርኛ ዱላና ኳስ ሲገናኙ የሚሆነውን በዝርዝር ያውቃል።

ከቃሉ ይበልጥ የሚከብደው ዝምታው ነው። በ2012 ካሊፎርኒያ ውስጥ የኮሪያዋ ኪም ኢን ክዩንግ ታላቅ ውድድር ለማሸነፍ የቀራት አንድ ጫማ፣ ወደ 30 ሳንቲሜትር ነበር። ልጅም የሚከተው ነው። ነካ አደረገችው፤ ኳሱ የጉድጓዱን ከንፈር ዞረና ውጭ ቀረ። እጇን አፏ ላይ አደረገች። ከዚያ በመለያው ተሸነፈች። ያን ጊዜ የሚነገር ነገር የለም፤ ስዕሉ ሁሉን ተናግሯል። ከአምስት ዓመት በኋላ፣ በ2017፣ የብሪታኒያን ኦፕን ስታሸንፍ ያንን ቀን ማስታወስ ደግሞ የአስተላላፊዋ ሥራ ነበር። መቼ ዝም ማለት፣ መቼ ማስታወስ፤ እኔ ይህን ሙያ የምወደው ለዚህ ነው።

ካፌው ውስጥ ዝናቡ ቆሞ ማንም አልወጣም። ኤቪያን ላይ የአውስትራሊያዋ ግሬስ ኪም የመጨረሻውን ጉድጓድ በኢግል ጨርሳ ከቲቲኩል ጋር እኩል ሆነች። ወደ መለያው ገቡ። የመጀመሪያው ላይ የኪም ኳስ ነጥሮ ውሃ ገባ። ጋሼ «በቃ፣ አለቀላት» አሉ። ቅጣቷን ተቀብላ ሌላ ኳስ አስቀመጠች፣ ከግሪኑ ውጭ ሆና ነካ አደረገችው፤ ተንከባለለ፣ ተንከባለለ፣ ገባ። ቲቲኩልም በርዲ አስገባችና ቀጠሉ። በሚቀጥለው ኪም እንደገና ኢግል መትታ አሸነፈች፤ የመጀመሪያ ታላቅ ድሏ ነው። አስተናጋጇ ትሪውን ይዛ መሃል ላይ ቆማ ቀርታለች።

ያን ምሽት ቤት ገብቼ ያንን ከውሃው በኋላ ያለውን ምት ፈልጌ አገኘሁት። ድምፁን አጥፍቼ በአማርኛ በስልኬ ቀዳሁበት። በሳምንቱ እሁድ እዚያው ካፌ ጋሼን አገኘኋቸውና አሰማኋቸው። ስልኩን ጆሯቸው ላይ አድርገው፣ ዓይናቸውን ጨፍነው ሰሙ። ኳሱ መንከባለል የጀመረበት ቦታ ሲደርስ ጣታቸውን አነሡ።

«እዚህ ጋ አወራሽ፣ ልጄ። ተይው ይንከባለል።»

መልሼ ሰማሁት። ሦስት ቃል ተናግሬያለሁ። እዚያው ጠረጴዛ ላይ ሦስቱንም አውጥቼ እንደገና ቀዳሁት።